እንቁላሉን ማን ጣለው?

በየሰፈሩ አንድ «የማን ልጅ ነህ?» የሚል ሰው አለ። የሌለበት ሰፈር አለ ከተባለ ገና ሰው ያልገባበት ሰፈር መሆን አለበት። እንዲህ ያለው ሰው ስምህን ሰምቶ አይረካም። ስም ለእሱ የግቢ በር ነው፤ እሱ የሚፈልገው ዘልቆ ገብቶ አያትህን፣ የአያትህን ወንድም፣ የአያትህ ወንድም ያገባትን ሴትዮ አገር ማወቅ ነው።

ሀዋሳ ምሥራቅ ክፍለ ከተማ ውስጥ ይህን ሹመት የያዙት ክቡር ጋሽ ታምሩ ናቸው። ሠላሳ አንድ ዓመት መዝገብ ቤት ሠርተው ጡረታ ወጥተዋል፤ የወጡት ግን ከቢሮው እንጂ ከሥራው አይደለም። ቡናማ ሹራባቸውን እስከ አንገታቸው ቆልፈው፣ መነጽራቸውን በክር አንጠልጥለው፣ ደጃፋቸው ላይ ካለው አግዳሚ ወንበር ይቀመጣሉ። በዚያ በኩል የሚያልፍ ሰው ኬላ እንደ ደረሰ መኪና ነው፤ አያቱን ሳያስፈትሽ አያልፍም።

አንድ ቀን ባጃጅ ተሳፍረው ወደ ሐይቅ ዳር ሲወርዱ የሹፌሩ ቅድመ አያት ላይ ሲደርሱ መንገዱ አለቀባቸው። «አንድ ዙር ዙርና እንጨርሰው» አሉት። ልጁም ዞረ። አሞራ ገደል ገበያ ዓሣ ሊገዙ ሄደው፣ ቆሮሶ የሚባለው ዓሣ ተበልቶ እስኪያልቅ ከሻጩ ጋር በሚስቱ እናት በኩል ተዛመዱ። ጤና ጣቢያ ደም ግፊታቸውን የምትለካቸውን ነርስ «እናትሽ የማን ልጅ ናት?» ብለው ሲይዟት ቁጥሩ እየጠፋባት ሦስት ጊዜ ለካች። «ጋሽ ታምሩ፣ የእርስዎ ደህና ነው። አሁን የእኔን ልለካው» አለቻቸው ይባላል። መብራት ሊጠግን የመጣው ሠራተኛማ ምሰሶው ላይ እንደ ተንጠለጠለ ነው ሦስት አያቶቹን ቆጥሮ የወረደው።

ማንም ግን አይቀየማቸውም። ዝምድናው የተገኘ እንደሆነ ደስታቸው ለጉድ ነው። «ይኸው! አላልኩህም? የእኛው ልጅ ነህ!» ብለው ትከሻውን ሲመቱት፣ የተጠየቀው ሰው የጠፋ ዕቃ የተመለሰለት ያህል ፈገግ ብሎ ይሄዳል።

ነገሩ የከበዳት ሮሆቦት ናት። ከአርባ ምንጭ መጥታ እዚህ ዩኒቨርሲቲ የምትማር፣ በጋሽ ታምሩ ግቢ የኋላውን ክፍል የተከራየች ልጅ ናት። እሷስ በገባችበት ቀን ተጠይቃ አልፋለች። መከራው የጓደኞቿ ነው። ሰሚራ ለፈተና አብራት ልታጠና መጥታ፣ የቅድመ አያቷን አባት ለማወቅ ወራቤ ወዳሉት እናቷ ሦስት ጊዜ ደውላ፣ መጽሐፉ ሳይገለጥ መሸ። ኢዮብ ደግሞ «ከአያቴ ወዲያ አላውቅም» ቢል፣ ጋሽ ታምሩ እንደ ለቅሶ ደራሽ ራሳቸውን ነቅንቀው «አይዞህ የኔ ልጅ» ስላሉት፣ ሁለተኛ በዚያ ሰፈር አልታየም። ከዚያ ወዲህ የሮሆቦትን በር የሚያንኳኳ ጠፋ።

ስለዚህ ሌላ ክፍል ፈለገች፤ አገኘችም። በሩ ለብቻው፣ ንጹሕ፣ ለዩኒቨርሲቲውም ቅርብ። የአዲሱ ክፍል አከራይ ቅዳሜ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ደውለው ቁርጡን ሊሰሙ ተቀጣጠሩ። የቀረው ለጋሽ ታምሩ መንገር ነበር።

ቅዳሜ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ልትነግራቸው ቆርጣ ከአግዳሚው ወንበር አጠገባቸው ተቀመጠች። ባለቤታቸው እትዬ ሮማን በረንዳው ላይ ምስር ይለቅማሉ። ሮሆቦት አፏን ከፈተች፤ ቃሉ አልወጣ አላት። ሰው ሲጨንቀው እንደሚያደርገው ስልኳን አውጥታ ጨዋታ ከፈተች።

ጨዋታው «ዘጠኙ ደሴቶች» ይባላል። በየደሴቱ የተደበቁ፣ በዓለም ላይ የሌሉ ፍጥረቶችን እያጠመዱ መሰብሰብ ነው። ሮሆቦት በሁለት ዓመት ውስጥ ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ሰብስባለች። እያንዳንዱ ፍጥረት ካርድ አለው፤ ከላይ የጉልበቱ ቁጥር፣ ከታች በደቃቅ ፊደል አንድ ሁለት መስመር ጽሑፍ። ሁሉም ቁጥሩን ያያል። ጽሑፉን የሚያነብ የለም።

ጋሽ ታምሩ መነጽራቸውን አጠለቁ።

«ይኼ ጆሮው የረዘመው ማነው?»

«ሚሉ ነው ስሙ። ጨዋታ ነው፣ ጋሽ ታምሩ።»

«ሚሉ። የማን ልጅ ነው?»

ሮሆቦት ሳቋ አመለጣት። «አውሬ እኮ ነው! የማንም ልጅ አይደለም። ከእንቁላል ነው የሚወጣው።»

«እንቁላሉን ማን ጣለው?»

«ታምሩ፣ ልጅቷን ተዋት!» አሉ እትዬ ሮማን ከበረንዳው። «ሰዉ አልቆ ወደ አውሬ ገባህ?»

«ዝም በይ እስቲ። እንቁላል ከሰማይ አይወርድም።»

ሮሆቦት ሁለት ዓመት ሙሉ ይህን ጥያቄ አስባው አታውቅም። ለቀልዱ ያህል ከታች ያለውን ደቃቅ ጽሑፍ እንግሊዝኛውን ወደ አማርኛ እየመለሰች አነበበችላቸው። «ሚሉ የተፈለፈለው ከማያውቀው ባሕር ዳር ነው። በሕልሙ ሁልጊዜ መብራት ያያል።»

«የማን መብራት?» አሉ ጋሽ ታምሩ። «በይ የሌሎቹን አንብቢልኝ።»

እንዲህ ተጀመረ። ጋሽ ታምሩ አሮጌ የቀን መቁጠሪያ ገንጥለው፣ ጀርባው ላይ በእርሳስ ስም መጻፍ ያዙ፤ ልክ መዝገብ ቤት እንደነበሩ፣ ፊደሉን እያሳመሩ። ሮሆቦት ታነባለች፤ እሳቸው «ይኼ ባዕድ ነው፣ እለፊው» ወይም «ቆይ፣ ይኼንን ድገሚልኝ» ይላሉ። መቶውን ካለፉ በኋላ ኦርኖ የምትባለዋ ዘንድ ደረሱ። ኮረብታ የምታህል፣ ግንባሯ ላይ የጠፋ ፋኖስ ያላት ፍጥረት ናት።

«ከማዕበሉ ምሽት ወዲህ ኦርኖ ፋኖሷን አብርታ አታውቅም» ብላ አነበበች ሮሆቦት፤ ድምፅዋም ቀነሰ።

እትዬ ሮማን ምስሩን ትተው ቀና አሉ።

ወዲያው ቶሮ መጣ፤ ኤሊ የመሰለ፣ ጉልበቱ ዝቅተኛ ስለሆነ ማንም የማይፈልገው። ካርዱ «ቶሮ በማዕበሉ ምሽት ምን ተሸክሞ እንደ ዋኘ ለማንም አልተናገረም» ይላል።

ጋሽ ታምሩ እርሳሱን አስቀመጡ። «እናት ይቺ። ልጅ ያ ሚሉ። አሻጋሪው ይኼ። በይ አገናኚያቸው።»

ሦስቱ በሦስት ደሴት ነበሩ። ብርቱን ከደካማ ጋር አንድ ደሴት ላይ ማስቀመጥ ለጨዋታው ኪሳራ ስለሆነ የሚሞክረው የለም። ሮሆቦት ግን ሚሉን ወስዳ ኦርኖ ፊት አቆመችው። ኦርኖ ጀርባዋን አዞረች።

«አየሽ?» አሉ እትዬ ሮማን አዝነው። «አልፈለገችውም።»

«አላወቀችውማ! እንዴት ታውቀዋለች?» ጋሽ ታምሩ ከመቀመጫቸው ተነሡ። «ሰው በድንገት ሰው ፊት ይገተራል እንዴ? ተለያይተው የኖሩ ሰዎች ሲገናኙ ማነው አስቀድሞ የሚገባው? ሽማግሌው ነው! ነገሩን የሚያውቀው ገብቶ ይናገር፤ ልጁ ውጭ ይቆይ። ሲጠራ ይገባል።»

ሮሆቦት ሁሉንም አውጥታ እንደ አዲስ ጀመረች። መጀመሪያ ቶሮን ኦርኖ አጠገብ አስቀመጠችው። ቶሮ ዝግ ብሎ ሄዶ ራሱን ከእግሯ ሥር ዝቅ አደረገ። ይህን ሲያደርግ አይታው አታውቅም። ቀጥላ ሚሉን አስገባችው።

የስልኩ መስተዋት ጨለመ። ከዚያ አንዲት ትንሽ ቢጫ ነጥብ በራች። የኦርኖ ፋኖስ ነበር። አንድም ቀን ያልሰማችው ዜማ ተሰማ፤ አንድም ቀን ያላየችው ገጽ ተገለጠ፦ «በማዕበሉ ምሽት ቶሮ እንቁላሉን በጀርባው ተሸክሞ አተረፈው። ለኦርኖ ሊነግራት ቢመለስም፣ ፋኖሷ ጠፍቶ መንገዱን አጣው።»

ሮሆቦት የተጫዋቾቹን መወያያ ገጽ ብታስስ ስለዚህ ገጽ የጻፈ አንድ ሰው እንኳ አጣች። ስለ ጉልበትና ስለ ቁጥር ብቻ ነበር ወሬው ሁሉ።

«ይኸው!» አሉ ጋሽ ታምሩ፤ ትከሻዋንም መታ አደረጓት። «ብትጠይቂ ኖሮ ሁለት ዓመት ሙሉ ባልተለያዩ።»

ሮሆቦት ቀና ብላ አየቻቸው። ያኔ ነው ድንገት የታሰባት።

«ጋሽ ታምሩ፣ እርስዎስ የማን ልጅ ነዎት?»

ጋሽ ታምሩ መነጽራቸውን አወለቁ፤ መልሰው አደረጉ። የሹራባቸውን የላይኛውን ቁልፍ ፈቱ።

«እኔ... እኔማ የላሊሶ ልጅ ነኝ። ላሊሶ የዳና... ዳና...» ግንባራቸው ላብ አወጣ። «ቆይ፣ አፌ ላይ ነበር እኮ!»

እትዬ ሮማን ምስሩ እስኪፈስ ሳቁ። «አገሩን ሁሉ ሲያስጨንቅ ኖሮ ዛሬ ተያዘ! በይ አጥብቀሽ ያዢው፣ የኔ ልጅ!»

«ጠይቆኝ የሚያውቅ ሰው ስለሌለ እኮ ነው» አሉ ጋሽ ታምሩ፣ እንደ ተማሪ አንገታቸውን ደፍተው። «ለካ እንዲህ ያስጨንቃል። ያን ኢዮብ የሚባለውን ልጅ በድዬዋለሁ ማለት ነው።» ድንገት ጭናቸውን መቱ። «ሻንካ! ዳና ሻንካ!» የሚያልፈው የባጃጅ ሹፌር እስኪዞር ድረስ ጮኹ። ፊታቸው እንደ ሙሽራ በራ። «ያስጨንቃል፤ ግን ደስ ይላል። በይ ቀጥዪ፣ ጠይቂኝ።»

«ሻንካስ የማን ልጅ ነበር?» አለች ሮሆቦት፤ እርሳሱን አነሣች።

ስድስተኛው አባት ላይ ሲደርሱ ስልኳ ጮኸ። አሥራ ሁለት ሰዓት ሆኗል። ተነሥታ ወደ አጥሩ ጥግ ሄደች።

«ክፍሉን ያየሽው ልጅ ነሽ?» አሉ አከራይዋ። «ትመጫለሽ?»

«አልመጣም። ይቅርታ ያድርጉልኝ።»

ምክንያቷን ሁሉ ደርድራ አፏ ላይ አድርጋ ጠበቀች።

«እሺ» አሉና ዘጉት። «ለምን?» ብለው እንኳ አልጠየቋትም።