ሰባት ተመልካች፣ ትልልቅ ፊደል

ሰው ሲያየው ደሙ የሚሞቅ ሰው አጋጥሟችኋል? እኔን አጋጥሞኛል፤ ራሴ ነኝ። አምቦ ከተማ የሒሳብ መምህር ነኝ። በእረፍት ቀኔ የኮምፒውተር ኳስ እየተጫወትኩ በኢንተርኔት በቀጥታ አስተላልፋለሁ። ተመልካቾቼ ከሰባት አይበልጡም፤ ሒሳብ አስተማሪ ሆኜ ሰባት ትንሽ መሆኑ ጠፍቶኝ አይደለም። ግን ብዙ እንዲመስሉ ብዬ የሚጽፉትን ሁሉ በትልልቅ ፊደል ስክሪኑ ላይ አወጣለሁ፤ በዜና አንባቢ ድምፅም አነበዋለሁ።

አንድ ቅዳሜ የባለቤቴ አባት ኦቦ ገመቹ፣ እሳቸው ወደሚኖሩበት ጎጆ ከተማ መጥቼ ድንች ከማሳ በማውጣት እንዳግዛቸው ደውለው ጠሩኝ። «የመምህራን ስብሰባ አለብኝ፣ አባባ» ብያቸው ጨዋታዬን ከፈትኩ። አምስት ለባዶ እየተመራሁ ሳለ አዲስ መልእክት ስክሪኑ ላይ ወጣ። ደስ ብሎኝ ጮክ ብዬ አነበብኩት።

«አካም ጂርታ፣ ልጄ? ስብሰባው ገና አላለቀም?»

የጸሐፊውን ስም ያየሁት ከዚያ በኋላ ነው፤ ኦቦ ገመቹ። ወዲያው ስርጭቱን አቋርጬ ደወልኩና ይቅርታ ጠየቅኳቸው።

«ድንቹንስ ጎረቤት አግዞን አውጥተነዋል» አሉኝ ረጋ ብለው። «ግን ልጄ፣ አምስት ለባዶ ለመሸነፍ ከሆነ፣ እውነት ስብሰባ ብትሄድ አይሻልህም ነበር?»