የሠላሳ ሚሊዮን ዓመት እንግዳና የእትዬ ዘሀራ ዶሮዎች

ካምፓላ ውስጥ ሽቅብ እያየ የሚሄድ ሰው ወይ ጉድጓድ ይውጠዋል፣ ወይ ቦዳ የሚሉት የኪራይ ሞተር ሳይክል ይገጨዋል። የሰማይ ሊቅ እዚህ ከተማ የማይበረክተው ለዚህ ይመስለኛል። እኔ ጣራ ላይ ወጥቼ ተረፍኩ። ያስተማረኝ ዩኒቨርሲቲ ስልኬ ነው፤ ቴሌስኮፔን ያገኘሁት ደግሞ ኪኩቦ ገበያ፣ ከአሮጌ ዕቃ ክምር ሥር።

ሜንጎ ሰፈር የምንኖርበት ፎቅ የሐጂ ሰዒድ ነው፤ እኔም የጫማ ሱቃቸው ሠራተኛ ነኝ። ሐጂ የወሎ ሰው ናቸው። ያላዩትን አያምኑም፣ ያዩትንም ሁለቴ ይመዝኑታል። ቴሌስኮፔን «ያ ቧንቧህ» ነው የሚሉት።

ነገሩ የሆነው በረመዳን ሃያ ዘጠነኛው ማታ ነው። ጨረቃ ከታየች ነገ ዒድ፤ ካልታየች አንድ ቀን ጾም ይጨመራል። የእኛን ምዕራብ ደመና ስለዘጋው ሐጂ ጣራ ላይ ሆነው ከመስጊድ ስልክ ይጠብቃሉ። የምሥራቹን ከላይ ጮኸው ለግቢው የሚያሰሙት ሁልጊዜ እሳቸው ናቸው። ታች ደግሞ ባለቤታቸው እትዬ ዘሀራ የዒዱን ዶሮዎች አስረው፣ አራጁን አስቁመው፣ ጆሯቸውን ወደ ጣራው አቅንተዋል።

ይሄኔ መብራት ጠፋ። ሰው ሁሉ ሲራገም እኔ በደስታ ዘለልኩ። ካምፓላ ስትጨልም እኮ ሰማዩ ይበራል! ምሥራቁ ጥርት ብሏል። ቧንቧዬን አነጣጠርኩና ሐጂን ለመንኳቸው። አዩና መስታወትህ ቆሽሿል ብለው በመሐረባቸው ጠረጉት። ደግመው ቢያዩ ቆሻሻው እዚያው ነው።

ከዚያ በኋላ እኔን ማን ያቁመኝ? ሐጂ፣ ያቺ ቆሻሻ የሚሏት ስንትና ስንት ቢሊዮን ፀሐይ የሰፈረባት ጋላክሲ ናት አልኳቸው። እንደ ወንዝ አዙሪት የምትዞር፣ በጎኗ ስለምናያት ግን ሰፊ ባርኔጣ የምትመስል። አሁን ዓይንዎ የገባው ብርሃን ከዚያ የተነሣው ከሠላሳ ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ነው።

ከአባታችን ከአደም በፊት? አሉኝ በሹክሹክታ። ሰው የሚባል ሳይኖር፣ አልኩ።

እኔንም፣ ስንቴ አይቻት ሳለ፣ ሰውነቴን ውርር አደረገኝ። አስቡት እስቲ! ማንም ሳይጠብቀው ተነሥቶ፣ ያን ሁሉ ጨለማ አቋርጦ፣ ሜንጎ ጣራ ላይ አንድ የጫማ ነጋዴ ዓይን ውስጥ የሚያርፍ ብርሃን! ሐጂ እጃቸውን ወደ ሰማይ ዘረጉና ባላቸው ድምፅ ሁሉ «ሱብሃነላህ! አላሁ አክበር!» አሉ።

ከታች እልልታው ቀለጠ። ዶሮዎቹ አንዴ ጮኹ፤ ሁለተኛ አልጮኹም።

ወዲያው ስልኩ ጠራ። ጨረቃ የትም አልታየችም፤ ነገ ጾም ነው።

መብራት የለ፣ ፍሪጅ የለ። ሥጋው በሌሊት መሠራቱ ነው፤ ግቢው ነገ ቀኑን ሙሉ በዶሮ ወጥ ሽታ ሊጾም ነው! እትዬ ዘሀራ ቢላዋውን እንደያዙ ደረጃውን ወጡ። ሐጂ፣ እኚያ ደፋር ነጋዴ፣ ከኋላዬ ቆሙ። እኔም ሌላ መከላከያ ስላልነበረኝ፣ እባክዎ መጀመሪያ ይዩ አልኳቸው፤ ሁሉንም አስረዳኋቸው።

አዩ። ቢላዋው ቀስ እያለ ዝቅ አለ። ኋላ ዓይናቸውን ከቧንቧው ሳይነቅሉ እንዲህ አሉ፦

«ሠላሳ ሚሊዮን ዓመት መንገድ ላይ የቆየችው፣ አንዲት ማታ ብትጨምርልኝ ምን ነበረበት?»