የወይዘሪት ትራንመር የመጨረሻ ንግግር

እንግሊዝ አገር በየሰፈሩ አንዲት ተዋናይት አለች። መልኳን ሁሉም ያውቀዋል፤ ስሟን ግን ከፖስተኛው በቀር የሚያውቅ የለም። የእኛዋ፣ የቤክስሂል ከተማዋ፣ ክብርት ወይዘሪት ሄስተር ትራንመር ናቸው።

ክብርነታቸው ዕድሜያቸውን የፈጁት በፊልምና በቴሌቪዥን ነው። ነርስ ሆነዋል፣ የቄስ ሚስት ሆነዋል፣ በየወንጀል ድራማው ሬሳ አግኝተው ጮኸዋል። ራሳቸው ሬሳ የሆኑበትም ጊዜ አለ። «ጉንፋን ይዞኝ ሳላስነጥስ የሞትኩ እኔ ነኝ!» ይላሉ ደረታቸውን ነፍተው።

አንድ ቀን ሥጋ ሻጭዋ ቢላዋዋን አስቀምጣ አፈጠጠችባቸው።

«ቆይ፣ የት ነው የማውቅዎት? የእናቴን ጥርስ የነቀሉት እርስዎ አይደሉም?»

«አይ የኔ ልጅ፣ በቴሌቪዥን ነው።»

«ውይ! ታዲያ ጥርስ ነቃይዋ ማን ነበረች?»

ስማቸው ላለመታወቁ ጥፋቱ የሻይ ነው። እኛ እዚህ አገር የወንጀል ድራማ ስናይ፣ መርማሪ ፖሊሱ ከክፍሉ ወጣ ማለት ብድግ ብሎ ሻይ መጣጃ ሰዓት ደረሰ ማለት ነው። ወይዘሪት ትራንመር ደግሞ ሁልጊዜ የሚናገሩት መርማሪው ከወጣ በኋላ ነው። «ስናገር የሰማኝ የአገሩ ማንቆርቆሪያ ብቻ ነው» ይላሉ።

ባለፈው ኅዳር ጡረታ ሊወጡ ሲሉ የመጨረሻ ሥራቸው የሚታይበት ቀን ደረሰ። የሚናገሩት ይህችን ብቻ ነበር፦ «ቁልፉ ሁልጊዜ እኔ ጋ ነበር። ግን ማንም አልጠየቀኝም።» ቤቶቻችን ግድግዳ ይጋራሉና ሳምንቱን ሙሉ ሲለማመዱ ሰማናቸው፤ አንዴ በለቅሶ፣ አንዴ በቁጣ፣ አንዴም ምን እንደሆነ ባልገባን ሳል።

እሑድ አመሻሽ ላይ ጎረቤት ሁሉ ወይዘሪት ትራንመር ሳሎን ተሰበሰበ። በሻይ ጥድፊያ የታወቁትን ሽማግሌ ሚስተር ፖኮክን ፊት ወንበር ላይ አስቀመጧቸው።

«ፖኮክ፣ ዛሬ ብድግ ካሉ ሁለተኛ አንነጋገርም። አንድ ጊዜ እንኳ ሰው ይስማኝ።»

ይህን ሲሉ እኔም መሳቄን ተውኩ።

መርማሪው ወጣ። ፖኮክ እግራቸው ወደ ወጥ ቤት ቢዞርም የወንበሩን መደገፊያ ጨምድደው ያዙ። ማንም ንቅንቅ አላለም። ከወይዘሪት ትራንመር በቀር። ከልማድ ይሁን ከፍርሃት እንጃ፣ «ሻይ ልጣድላችሁ» ብለው ውልቅ አሉ።

ሲመለሱ ድራማው አልቆ የተዋንያኑ ስም ዝርዝር እያለፈ ነበር።

«አለፈ?» አሉ፣ ማንቆርቆሪያውን እንደያዙ። ፊታቸው አመድ መሰለ። «የሰማኝ አለ?»

አንጀቴን በሉት። እኚህን ሴትዮ ምን ያህል እንደምወዳቸው ያወቅሁት ያን ጊዜ ነው።

ፖኮክ ከወንበራቸው ተነሱ፤ ጉሮሯቸውንም ጠረጉ። «ቁልፉ ሁልጊዜ እኔ ጋ ነበር» ሲሉ፣ ሁላችንም ተቀበልናቸው፦ «ግን ማንም አልጠየቀኝም!»

ወይዘሪት ትራንመር እንባቸውን በእጃቸው ጀርባ ጠረጉ።

«ፖኮክ፣ ‹ነበር› ካሉ በኋላ ትንሽ ዝም ይባላል። እስቲ እንደገና።»

እንደገና አልነው። ሻዩ ቀዘቀዘ፤ ሌላ ልጣድ ብሎ የተነሳ ግን አልነበረም።