የአዲስ ገቢው ጃኬት

[ኦሃዮ፤ ቅዳሜ ጠዋት። የኮሌጅ ወንድማማቾች ማኅበር ቤት፣ ፎቅ ላይ። ሊቀመንበሩ ፕሬስተን መስታወት ፊት ቆሟል። የለበሰው የአዲስ ገቢውን የዌንደልን ጃኬት ነው። ዌንደል በሸሚዝ ቀርቶ ይንቀጠቀጣል። ዶክመንተሪ የምትሠራው ሚስ ካራዋይ ታች ሳሎን ካሜራዋን ተክላ ትጠብቃለች።]

ፕሬስተን፦ ለፊልሙ፣ ጣራ ላይ የሰቀልነው ሶፋ፣ ሶፋ አይባልም አልኩህ።

ዌንደል፦ ታዲያ ምን ይባላል፣ ወንድም ሊቀመንበር?

ፕሬስተን፦ አዲስ ገቢ ሳይጠየቅ አይናገርም። ስንቴ ልንገርህ?

ዌንደል፦ ይሄ አሥራ አንደኛው ነው።

ፕሬስተን፦ የኮሌጁ ዲን ምን አለ?

ዌንደል፦ አንድ ጥፋት ከተጨመረ ቤታችሁን አሽገዋለሁ አለ።

ፕሬስተን፦ ስለዚህ ፊልሙ ላይ መላእክት ነን። እንለማመድ። አንተ እሷን ሁንና ጠይቀኝ።

[ዌንደል እጁን ያወጣል።]

ፕሬስተን፦ እጅህን አውርድ። የእሷን ጥያቄ ብቻ።

ዌንደል፦ [እጁን እያወረደ] አዲስ ገቢዎችን ታሠቃያላችሁ?

ፕሬስተን፦ በፍጹም። ቤታችን ፍቅር ብቻ ነው።

ዌንደል፦ ማክሰኞ እኔን ያስበሉኝ ሃያ ጥሬ ሽንኩርትስ?

ፕሬስተን፦ አሥራ ስምንት ነው፤ ሁለቱን ተፍተሃል። ለእሷ ግን አትክልት እናዘወትራለን ነው የምንላት።

ዌንደል፦ ምድር ቤት ያሉት ስድስት በርሜል ቢራዎችስ?

ፕሬስተን፦ ዘጠኝ ናቸው። ሦስቱን ጥናት ክፍል ደብቄያቸዋለሁ፤ እዚያ ማንም ገብቶ አያውቅም። ለእሷ ግን ሎሚናት ነው።

ዌንደል፦ የዲኑን የጎልፍ መኪና ኩሬ ውስጥ የከተተውስ?

ፕሬስተን፦ እኔ ነኛ። ባንድ እጄ እየነዳሁ። ለእሷ ግን ንፋስ ነው።

ዌንደል፦ ንፋሱ ቁልፉን ከየት አገኘው?

ፕሬስተን፦ እዚህ ጭንቅላትህ ውስጥ ያለው ምንድነው?

ዌንደል፦ እስካሁን ሽንኩርት ነው።

ፕሬስተን፦ [ኮሌታውን እያቃና] ይቺስ ጥቁር ነገር ምንድናት? አልቃና አለችኝ።

ዌንደል፦ ማይክሮፎን። ጠዋት ሚስ ካራዋይ ናት የሰካችልኝ። ከዚያ ጃኬቱን ወሰዱብኝ።

ፕሬስተን፦ [በሹክሹክታ] ማይክሮፎኗ ጠፍታለች አይደል?

ዌንደል፦ አልጠፋችም። ሚስ ካራዋይ ሳሎን ሆና በጆሮ ማዳመጫ እየሰማች ነው።

ፕሬስተን፦ ለምን አልነገርከኝም?

ዌንደል፦ አልጠየቁኝም።

[ከታች የወንድ ሳል ይሰማል።]

ፕሬስተን፦ ብቻዋን አይደለችም እንዴ?

ዌንደል፦ አይደለችም። ሁለተኛው ማዳመጫ ዲኑ ጆሮ ላይ ነው።

[ፕሬስተን ጃኬቱን በጥድፊያ አውልቆ ይዘረጋለታል።]

ፕሬስተን፦ በርዶህ የለ? ጃኬትህን አትወስድም?

ዌንደል፦ አልወስድም፣ ወንድም ሊቀመንበር። የአዲስ ገቢ ንብረት የነባር ነው።