ክቡር ጠበቃ ሀብተሚካኤል ሽምግልና ሄዱ

ሐበሻ በተሰበሰበበት ሁሉ፣ እዚህ አሜሪካ ዴንቨርም ይሁን ኦሮራ፣ ሠርግም ይሁን ለቅሶ፣ አጀንዳው ሳይነበብ እጁን የሚያወጣ አንድ ሰው አይጠፋም። እኛ ዘንድ ይህን ሥልጣን የያዙት ክቡር ጠበቃ ሀብተሚካኤል ናቸው። የመረጣቸው የለም፤ ይውረዱ የሚል ደፋርም እስካሁን አልተገኘም።

ክቡርነታቸው በወጣትነታቸው ሕግ ሊማሩ ፈረንሳይ ሄዱ፤ አገር ቤት ነገሩ ሲገለባበጥ እዚያው ቀሩ፤ ዜግነቱንም ጥብቅናውንም እዚያው አገኙ። ሊዮን አጠገብ ባለች ትንሽ ከተማ፣ ምክር ቤት ውስጥ ዐሥራ ስምንት ዓመት ተቀምጠዋል። ተቀምጠዋል ማለት እንኳ ውሸት ነው፤ ቆመው ሲናገሩ ነው የኖሩት። ለፓርላማ ሦስት ጊዜ ተወዳድረው ሦስቴም ወድቀዋል። አወዳደቃቸውን ሲያወሩ ግን የሚያሳዝነው ያሸነፈው ሰውዬ ነው። ባለቤታቸው ሲሞቱ፣ ዴንቨር፣ ፓርክ ሂል ሰፈር ያለችው ልጃቸው ጽጌረዳ "ብቻህን አትሆንም" ብላ አመጣቻቸው። ሹፌራቸው እንዳልክ እንደሚጠረጥረው ፈረንሳዮቹ እፎይ ብለዋል።

እንዳልክ ፒዮሪያ ስትሪት የሚኖር፣ ከኤርፖርት ሰው የሚያመላልስ የቫን ሹፌር ነው። በየእሑዱ ክቡርነታቸውን ቤተ ክርስቲያን የማድረስ ዕዳ የወደቀበትም እሱ ነው፤ መንጃ ፈቃድ የላቸውማ! ለምን የላቸውም? ፈተናው ላይ፣ ከቀኝ ቅያስ ብቅ ላለች መኪና ቅድሚያ ልስጥ ብለው ኮልፋክስ ጎዳና መሀል ቀጥ አሉ። ከኋላ ጡሩምባው ሲቀልጥ፣ ፈታኟ ሴትዮ ስትጮህ፣ እሳቸው ረጋ ብለው "በፈረንሳይ አገር ቢሆን ትክክሉ እኔ ነበርኩ" ብለው አስረዷት።

ቫኑ ውስጥም አያርፉም። እንዳልክ ሬዲዮ ሲከፍት "ሥነ ሥርዓት!" ሌይን ሲቀይር "ሥነ ሥርዓት!" የእድሩ ስብሰባ ላይማ አይወራ። ለሐዘንተኛ ቤተሰብ ምግብ ማን ያድርስ ለሚለው ሦስት ንዑስ ኮሚቴ አቋቋሙ፤ ኮሚቴዎቹ ሲከራከሩ የሟቹ አርባ ወጣ።

ታዲያ እንዲህ ያለውን ሰው ሽማግሌ አድርጎ የሚልክ አለ? እንዳልክ ላከ።

ሔቨንን ሊያገባ ነው። ሴንቴኒያል የሚኖሩት አባቷ፣ አቶ ተክለሚካኤል፣ ጥብቅ ሰው ናቸው፤ ሽማግሌ ሳይመጣ ልጄን የሚወስድ የለም ብለዋል። እንዳልክ ደግሞ የሚልከው ዘመድ የለውም። በሕፃናት ማሳደጊያ ያደገ፣ የአባቱን ስም እንኳ ከወረቀት ላይ አንብቦ ያወቀ ሰው ነው። ሌሊት ከቀን የሚፈራት አንዲት ጥያቄ ናት፤ "የማን ልጅ ነው?" ቢሉ ምን ይባላል? በዚህች ብቻ ሔቨንን ሊያጣት ይችላል። የእድሩን ሊቀ መንበር፣ አቶ በድሉን፣ እግራቸው ላይ ወድቆ ለመናቸው። "ብቻዬን አልሄድም" አሉ። "የተማረ ሰው ጨምርልኝ፤ ተክለሚካኤል የተማረ ያከብራል።" የተማረ ሰው! እግዚኦ!

የመጀመሪያው ቀን ወግ የታወቀ ነው። ሽማግሌ ቆሞ ይለምናል፤ የልጅቷ አባት "እስቲ ዘመድ እናማክር፣ ሌላ ቀን ተመለሱ" ይላል። ልጅ በአንድ ቀን አትሰጥም፤ ክብሯ ነው። ይህን የማያውቅ ሐበሻ የለም፣ ሃምሳ ዓመት ፈረንሳይ ካልኖረ በስተቀር።

አቶ ተክለሚካኤል "ሌላ ቀን ተመለሱ" ከማለታቸው ክቡርነታቸው እጃቸውን አወጡ።

"ሥነ ሥርዓት! ጥያቄያችን ውድቅ የሆነበት ምክንያት በጽሑፍ ይሰጠን። ይግባኝ እንላለን።"

"ለማን ነው ይግባኙ?" አሉ አቶ ተክለሚካኤል፣ ፊታቸው እየተለዋወጠ።

"ለባለቤትዎ።"

አቶ በድሉ ክንዳቸውን ይዘው ጎትተው አወጧቸው። ሙሽራ ከሽማግሌ ጋር አይገባምና እንዳልክ ውጭ ቫኑ ውስጥ ነበር። ነገሩን ሲሰማ ግንባሩን መሪው ላይ ደፋ።

"ጋሼ፣ ምን በደልኩዎ?"

"አትደንግጥ፤ ይሄ የሥር ፍርድ ቤት ነው።"

"ፍርድ ቤት አይደለም! የሰው ቤት ነው!" ከዚያ በፊት ጮሆባቸው አያውቅም።

ሔቨን እናቷን ይዛ ለምና አስለምና፣ ከሁለት ሳምንት በኋላ ይምጡ ተባለ። "ፕሊስ ሰውዬው እንዳያወሩ፤ ዳዲ ላስት ታይም ነው ያለው" ብላ ቴክስት አደረገችለት። ሽማግሌ ይቀየር እንዳይባል፣ የተጀመረ ሽምግልና መሀል ላይ ሰው መቀየር ነውር ነው። እንዳልክ መንገዱን ሙሉ ሲለምናቸው ሄደ።

"ጋሼ፣ ዛሬ አንድም ቃል። በእመቤቴ!"

"አንድም ቃል" ብለው ቃል ገቡለት።

ሔቨን እንዳልክ ጋ ደውላ፣ ስልኳን እንደከፈተች ቤታቸው ውስጥ ደረጃው ላይ ተቀመጠች፤ እንዳልክ ቫኑ ውስጥ ሆኖ ይሰማል። አቶ በድሉ አሳምረው ለመኑ። ክቡርነታቸው ጸጥ። እንዳልክ ትንሽ ትንፋሽ አገኘ።

አቶ ተክለሚካኤል ጉሮሯቸውን ጠረጉ። "መልካም። ለመሆኑ የማን ልጅ ነው?"

አቶ በድሉ ተንተባተቡ። "እንግዲህ ልጁ... ጨዋ ነው፣ ሠራተኛ ነው..."

"እሱን አልጠየቅኩም። ነገ በነዚህ ልጆች መሀል አንድ ነገር ቢፈጠር፣ የማንን በር ነው የማንኳኳው?"

እንዳልክ ከዚህ በላይ መስማት አልቻለም፤ ስልኩን ሊዘጋ እጁን ሲዘረጋ ወንበር ተንቋቋ። ክቡርነታቸው ተነሥተዋል። በቃ፣ አለቀልኝ አለ።

"የኔ ልጅ ነው" አሉ ክቡርነታቸው።

እንዳልክ የቀረውን ንግግር ጠበቀ፤ ፈረንሳይን ጠበቀ፣ አንቀጹን ጠበቀ። ምንም አልመጣም።

"የእርስዎ?"

"የኔ። አንድ ነገር ቢፈጠር የኔን በር ያንኳኩ። ፓርክ ሂል ነኝ።"

ከዚያ የአቶ ተክለሚካኤል ድምፅ መጣ፤ "ታዲያ ልጅዎን ውጭ ምን አስቀመጠው? ይጥሩት እንጂ!" ሔቨን ስልኩ ላይ "ኦ ማይ ጋድ" ብላ አለቀሰች።

ሊጠሩት ራሳቸው ወጡ። የቫኑን በር ከፍተው ቆሙ።

"ቃሌን አፈረስኩብህ" አሉት። "አንድም ቃል ብዬህ ነበር።"

እንዳልክ ወርዶ የተጣጠፈውን የኮታቸውን ኮሌታ አስተካከለላቸው።

"ምንም አይደል፣ አባባ" አለ።

ክቡርነታቸው እንደ ልማዳቸው እጃቸውን አወጡ፤ ከዚያ እንዳልክ ትከሻ ላይ አሳረፉት።