«በሌላ በኩል» የተሰረዘ ዕለት

ለሚመለከተውም ለማይመለከተውም ሁሉ እንዲታወቅ ይሁን፦ «እንግዲህ» የተባለው ቃል፣ ለረጅም ዘመን አንዳች ሥራ ሳይሠራ በዓረፍተ ነገር ደጃፍ ተቀምጦ ሲያዛጋ በመገኘቱ፣ ከሰኞ ማለዳ ጀምሮ ከመንገድ መብራት ድርጅት ተሰናብቷል። «እኮ»፣ «ያው»፣ «እንዴ» እና «ማለት ነው» በግብረ አበርነት አብረውት ተሸኝተዋል። «በሌላ በኩል»፣ «ይሁንና» እና መሰሎቻቸው ግን ቁመታቸው የረዘመ፣ መልካቸውም የተከበረ ስለሆነ ጉዳያቸው ለብቻ እንዲታይ ተወስኗል።

ይህ ታላቅ ውሳኔ በማስታወቂያ ሰሌዳው ላይ፣ ከጠፋው ጃንጥላ ማስታወቂያ ከፍ ብሎ፣ በአራቱም ማዕዘን በስፒል ተወጥሮ ተለጠፈ። ጃንጥላው እስከ ዛሬ አልተገኘም።

ውሳኔውን ያመነጨው የድርጅቱ የቋንቋ ባለሙያ ነው። ባለሙያው ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ቋንቋ ያጠና፣ የመመረቂያ ጽሑፉን ማንም ያላነበበለት፣ በዚህም ዓለም እንደበደለችው የሚሰማው ሰው ነበር። ወላጆቹ ያወጡለት ስም ቢኖረውም በሥራ ቦታው የሚጠቀምበት አልተገኘም። ሠራተኛው ሁሉ ከኋላው «ማለት ነው» ይለዋል። ዓረፍተ ነገር በጨረሰ ቁጥር «ማለት ነው» ሳይል አይቀመጥማ! ሻይ ሲያዝ እንኳ፣ «ሻይ ማለት ነው፤ ስኳር የሌለው ማለት ነው» ይላል። ይህን ከእሱ በቀር የማያውቅ አልነበረም።

እንግዲህ (ይቅርታ፣ አምልጦኝ ነው) ባለሙያው ተጠባባቂ የሕዝብ ግንኙነት ኃላፊ ነበር። ተጠባባቂነቱ ከመርዘሙ የተነሳ የሚጠብቀውን ነገር የረሳው ይመስል ነበር። አልረሳም። ቋሚ ኃላፊ የሆነ ሰው ከድርጅቱ ቤት ይሰጠዋል፤ ሁለት ክፍል፣ የራሱ በር ያለው፣ በሩም የሚዘጋ። እሱና ሚስቱ የሚኖሩት በአማቱ ቤት፣ ከሳሎኑ በመጋረጃ በተከፈለች ጥግ ውስጥ ነው። አማቱ ደግ ሴት ናቸው። ጆሯቸውም እንደዚያው ደግ ነው፤ የመጣለትን ሁሉ ይቀበላል። ማታ ሚስቱ «ዛሬ እንዴት ዋልክ?» ስትለው፣ እሱ አፉን ከመክፈቱ በፊት ከመጋረጃው ወዲያ «ምን ደህና ይውላል፤ ፊቱን አላየሽውም?» የሚል መልስ ይመጣል።

ስለዚህ ባለሙያው አንድ ትልቅ ነገር መሥራት ነበረበት። ትልቅ ነገር ቢያጣ ትናንሾቹን ቃላት አሳደደ።

«ስብሰባችን ያጥራል?» ብለው ጠየቁ ዋና ሥራ አስኪያጁ።

«ያጥራል ማለት ነው።»

«ሪፖርቴስ?»

«እንደ ምላጭ ይሆናል ማለት ነው።»

ሥራ አስኪያጁን ምላጭ የሚለው ቃል ደስ አላቸው፤ ማን ላይ እንደሚያርፍ ሳይጠይቁ ፈረሙ። ከራሳቸውም ጨመሩበት፦ የተሰናበተ ቃል ያመለጠው ሰው ቆሞ ንግግሩን አጥርቶ ይደግማል።

የመጀመሪያው ንጹሕ ስብሰባ ተጀመረ። ይልቅስ ሊጀመር ተሞከረ ማለት ይሻላል። ሥራ አስኪያጁ ወንበር ከያዙ ጀምሮ ስብሰባ የሚከፍቱት በ«እንግዲህ» ነበር። አፋቸውን ከፈቱ፣ «እን...» አሉ፣ መልሰው ዘጉ። የጣሪያው ማራገቢያ ለብቻው ተናገረ። የቴክኒክ ኃላፊው እጁን አውጥቶ «ያው...» አለና በራሱ ደንግጦ ተቀመጠ። ሰው ሁሉ ሐሳብ አለው፤ መግቢያ በሩ ነው የጠፋው።

ባለሙያው በደስታ ተነሳ።

«ክቡር ሥራ አስኪያጅ፣ ይህ ዝምታ የሚያሳየው ምን ያህል ባዶ ቃል ስንሸከም እንደኖርን ነው ማለት ነው።»

«ቆመህ ድገም!» አለች ቃለ ጉባኤ የምትይዘው ጸሐፊ።

«ቆሜያለሁ እኮ!»

«'እኮ'! ሁለት ሆነ።»

«ቆሜ ነው የተናገርኩት ማለት ነው!»

«ሦስት። ወይ ጉድ፣ ዛሬ መቀመጥ የለም!»

ሳቁ አዳራሹን አናወጠው። በሳቁ መሃል የቴክኒክ ኃላፊው ለጎረቤቱ «ይገርምሃል፣ የራሱን ስም አባረረ እኮ» ሲል ባለሙያው ሰማ። የኋላ ስሙን የዚያን ጊዜ አወቀ። ዩኒቨርሲቲ ድረስ ሄዶ የሰውን ሁሉ አነጋገር ሲያጠና፣ ለካ አንድ ሰው ብቻ ዘሎ ኖሯል።

ከዚያ ወዲያ በየንግግሩ መጨረሻ ከንፈሩን ይነክስ ጀመር። ሲያዩት ጥርሱን የሚያመው ሰው ይመስላል።

የስብሰባው አጀንዳ አለቀ፤ ስብሰባው ግን አላለቀም። ሥራ አስኪያጁ ሰው የሚያሰናብቱት «በሉ እንግዲህ» ብለው ነበርና አሁን የሚሉት ጠፋቸው። በሩን አዩ። ሠራተኛው እሳቸውን አየ። አንዱ ወረቀቱን አስተካከለ፣ ሌላው ያንኑ መልሶ አበላሸ። በመጨረሻ ጸሐፊዋ «ምሳ» አለች፤ አዳራሹ በቅጽበት ባዶ ሆነ። በቃለ ጉባኤውም ላይ ስብሰባው በታላቅ መግባባት መጠናቀቁ ሰፈረ።

ባለሙያው ለውጥ ከቤት ይጀምራል ብሎ ስለሚያምን ማታ ሥራውን ይዞት ገባ።

«መጣህ እንዴ?» አለች ሚስቱ።

«'እንዴ' ምን ይሠራል? ስመጣ እያየሽኝ ነው።»

«እሺ። መጣህ።»

ፖሊስ ጣቢያ ቃል የሚቀበሉት መሰለው። ቢሆንም ለሳይንስ ሲል ቻለው።

«ዛሬ ናፍቀኸኝ ነበር እኮ» አለች ኮቱን እየተቀበለችው።

«'እኮ'ዋን አንሺያትና በይው።»

«ናፍቀኸኝ ነበር።»

«... ነበር?»

«ነበር።»

«አሁንስ?» አሉ አማቱ ከመጋረጃው ወዲያ።

«እማማ፣ የሙያ ውይይት ላይ ነን።»

«እኔ ምን አገባኝ ልጄ። 'እኮ'ዋን ግን መልስላት፤ ጀርባዋን ሰጥታህ ልትተኛ ነው።»

ሰጠችው፤ ተኛች።

በማግሥቱ ሥራ አስኪያጁ አስጠሩት። የበላይ ቦርዱ ዓመታዊ ሪፖርት ሊሰማ ይመጣል። «ሰብሳቢዋ የተንዛዛ ነገር አይወዱም። ያልከኝን ምላጭ አሁን አሳየኝ። ካማረ ተጠባባቂ የምትለዋ ቃል ራሷ ትሰናበታለች» አሉት። ለባለሙያው የሁለት ክፍል ቁልፍ ሲቃጨል ተሰማው።

ሪፖርቱን ዘርግቶ ጉዳያቸው ለብቻ እንዲታይ የተባሉትን ረጃጅም ቃላት ለፍርድ አቀረባቸው። «በሌላ በኩል»፦ ዓረፍተ ነገር በኩል አለው? ሰረዘ። «ከዚህ ጋር ባልተያያዘ ሁኔታ»፦ ካልተያያዘ ምን አመጣው? ሰረዘ። «ይሁንና»፦ ይሁን! ሰረዘ። ሥራውን ሲጨርስ ከእውነቱ አንዲት ነጠላ ነገር አልጎደለችም፤ እሱም በዚህ ኮራ። ሁለት እውነቶች ያለ ሽማግሌ ጎን ለጎን ሲቀመጡ ምን እንደሚያወሩ ግን ዩኒቨርሲቲው አላስተማረውም፤ ወይም ያስተማሩ ዕለት ቀርቶ ነበር።

ቦርዱ መጣ። ሰብሳቢዋ ከፊት ተቀመጡ። ሥራ አስኪያጁ ማይክራፎኑን ሁለት ጊዜ ነፉበትና፣ ሪፖርት አስቀድሞ ማንበብ ለበታች ሠራተኛ ነው ብለው ስለሚያምኑ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ከሕዝብ ጋር አብረው ሊሰሙት ማንበብ ጀመሩ።

«በሕመም ምክንያት ለወራት ከሥራዬ ርቄ ነበር። በከተማችን መብራት የጠፋበት መንገድ አልነበረም።»

አዳራሹ ትንሽ ተንቀሳቀሰ።

«ባለፈው ወር ተሽሎኝ ወደ ወንበሬ ተመለስኩ። ሦስት ሰፈሮች ጨለማ ውስጥ ናቸው።»

ከኋላ አንድ ሰው ሳቁን በሳል ሸፈነ። ሰብሳቢዋ መነጽራቸውን አወለቁ።

«አዲስ የመጋዘን ኃላፊ ሾመናል። አምፖሎች ጠፍተዋል።»

«ይቅርታ» አሉ ሰብሳቢዋ፣ «ጠፍተዋል ሲሉ አይበሩም ነው ወይስ የሉም?»

ሥራ አስኪያጁ ገጹን አገላበጡ። «የሉም፣ ክብርት ሰብሳቢ። ድሮም ግን አይበሩም ነበር።»

«ይቀጥሉ፣ ይቀጥሉ።»

«ሠራተኞቻችን በአንድ መሰላል ከሰፈር ሰፈር ይንከራተታሉ። ለእኔ አዲስ መኪና ተገዝቷል።»

አሁን ሳል የሚበቃ አልሆነም። ሥራ አስኪያጁ ላብ አጠመቃቸው፤ በየዓረፍተ ነገሩ መካከል አንድ የሚያውቁት፣ የሚደገፉበት ነገር እንደነበረ ትዝ ይላቸዋል፤ እጃቸውን ሲሰዱ የለም። ጥግ ላይ የቆመው ባለሙያም የዚያን ጊዜ ገባው። እነዚያ ቃላት መጋረጃ ነበሩ። ሕመሙን ከመብራቱ፣ መኪናውን ከመሰላሉ የለየ አንድ አንድ መጋረጃ። በመጋረጃ ጥግ የሚኖር ሰው፣ ከመላው ድርጅት መጋረጃ ምን እንደሚሠራ ማወቅ የነበረበት እሱ ነበር።

ሪፖርቱ ሲያልቅ ጭብጨባው አላልቅ አለ። ሰብሳቢዋ ተነሱ።

«እንዲህ ያለ ደፋር ሪፖርት ሰምቼ አላውቅም። ማነው ያዘጋጀው?»

የሥራ አስኪያጁ ጣት ጥያቄው ሳያልቅ ባለሙያው ላይ አረፈ።

«አንተ ነህ? ሆን ብለህ ነው?»

አዎ ቢል ውሸታም ነው፤ አይ ቢል ቂል። ላብራራ ብሎ አፉን ሲከፍት «ማለት ነው» ምላሱ ጫፍ ላይ ተሰልፋ ቆማለች። በደንብ ነክሶ ዘጋው።

«ትሑትም ነው!» አሉ ሰብሳቢዋ፣ ለጎረቤታቸው።

መውጫው ላይ ሥራ አስኪያጁ ክንዱን ያዙት። «ስማ፣ ምን በደልኩህ? አንዲት 'ይሁንና' ብትተውልኝ ምን ነበረበት?» ባለሙያው ከንፈሩን ነከሰ። እሳቸውም ይህን እንደ ንቀት ቆጠሩት።

ከዚያ በኋላ ነገሩ ሁሉ ፈጠነ። ሥራ አስኪያጁ ለሌላ ከፍተኛ ኃላፊነት ተፈለጉ። ኃላፊነቱ ምን እንደሆነ ገና እየተፈለገ ነው። ባለሙያው ቋሚ ኃላፊ ሆነ፤ ቁልፉን የሰጡትም ሰብሳቢዋ ራሳቸው ናቸው። ቢሯቸው አስቀምጠው፣ በር አስዘግተው፣

«የእኔን ንግግር ለሚቀጥለው ስብሰባ አንተ ታዘጋጃለህ» አሉት።

«እንደዚያው ደፋር አድርጌ?»

ሰብሳቢዋ እንደ ሕፃን አዩት። «ድፍረት እኮ የሚያምረው ለበታች ነው። የእኔ ላይ 'በሌላ በኩል'ን መልሳት። 'ይሁንና'ንም መልስ። እንዲያውም በየመሃሉ ሁለት ሁለት አድርግ፤ አይጠጋጉብኝ።» ከዚያ ብዕራቸውን ከደኑና «በል እንግዲህ» አሉት። ባለሙያው መሄድ እንዳለበት ወዲያው ገባው። እንዴት ደስ የሚል ቃል ነው!

በማስታወቂያ ሰሌዳው ላይም የተሰናበቱት ቃላት በሙሉ፣ ጥፋት ያልተገኘባቸው መሆኑ ተረጋግጦ፣ ከነሙሉ ክብራቸው ወደ ሥራቸው መመለሳቸው ተገለጸ።

ቤት ሲገባ ቁልፉን ከፍ አድርጎ ያዘ።

«ሰጡህ እንዴ!» አለች ሚስቱ።

«እንዴ»ዋን አልነካትም። «ሰጡኝ።»

«በምን ምክንያት?»

«በድፍረቴ።»

ሚስቱ ከእግር እስከ ራሱ አየችው። ይህ ሰው እናቷን «የቴሌቪዥኑን ድምፅ ይቀንሱልኝ» ለማለት ፈርቶ በጆሮው ጥጥ ከትቶ ዜና የሚያይ ሰው ነው።

«ሳታውቀው ነው አይደል?»

ቁልፉን ኪሱ ከተተ።

«ሳያውቀው ነው እንጂ!» አሉ አማቱ ከመጋረጃው ወዲያ። «ዕቃውን ግን ዛሬውኑ አሳስሪ፤ ሳይነቁበት።»

ባለሙያው ደረቱን ነፋ። «እኔ» አለ፣ «የምሠራውን የማውቅ ሰው ነኝ...»

ዓረፍተ ነገሩ ጫፉ ተከፍቶ ቀረ። ሚስቱ ጠበቀች። ከመጋረጃው ወዲያም የቆሙት ጆሮዎች ጠበቁ። የተጠበቀችው ነገር አልመጣችም።

«ማለት?» አለች ሚስቱ።

«አላብራራም» አለ።