ሽማግሌዎቹ ልጄን የጠየቋት

የትዳር ነገር እንደ ወጥ ነው፤ ያልሠራው ሁሉ ጨው በዛ፣ ጨው አነሰ ይላል። ያገባው ያላገባውን ይመክራል፣ ያላገባው ባገባው ይስቃል፣ የፈታው ሁለቱንም ታዝቦ ዝም ይላል። ባሏ የሞተባትን ግን፣ እንደኔ ያለችውን ማለቴ ነው፣ ምክርም የሚጠይቃት የለም። “እሷማ ልጇን ታሳድጋለች” ይባልና ዶሴዋ ይዘጋል። እኔም ዶሴዬ ተዘግቶ ነበር የምኖረው። እውነቱን ለመናገር ተመችቶኝም ነበር።

ልጄ ህሊና እዚሁ ቶሮንቶ ተወልዳ ያደገች ናት። ዩኒቨርሲቲ ስትገባ የቤተ ክርስቲያን እህቶቼ “ምን ትማራለች?” ይሉኛል። ነርሲንግ ብል እልል ይሉልኝ ነበር፤ ኮምፒውተር ብል ራሳቸውን ይነቀንቁልኝ ነበር። “የጥንት ግሪኮችንና ሮማውያንን” ስል ግን አንዷ ክንዴን ይዛ “አይዞሽ፣ ሐሳቧን ትቀይር ይሆናል” አለችኝ፤ ልክ ለቅሶ ቤት እንደሚባለው።

በዚያ ላይ ዘንድሮ የያዘችው ኮርስ ስለ ትዳራቸው ነው። ስለ ትዳራቸው፣ ስለ ወንድነትና ሴትነታቸው፣ ስለ መኝታቸውም ጭምር። እኔ ትምህርቴን ያቆምኩት ከስምንተኛ ክፍል ነው፤ ፈተና በደረሰ ቁጥር ግን ተማሪዋ እኔ ነኝ። ከታች ከላውንድሪ ያወጣሁትን ልብስ ሳጥፍ እሷ ምንጣፉ ላይ ትቀመጥና የተማረችውን ታስረዳኛለች። “ላንቺ ከገባሽ ለፕሮፌሰሩም ይገባዋል” ትላለች። ይህ ሙገሳ ይሁን ስድብ እስካሁን አልለየሁትም።

ታዲያ ምን ተማርሽ ብትሉኝ፣ በአቴና ልጅቷ ዐሥራ አራት ዓመት ገደማ ሲሆናት አባቷ ሠላሳ ለሚጠጋ ሰው ይድራታል፤ ከሠርጉ በፊትም መጫወቻዎቿን ወስዳ ለጣዖቷ ታስረክባለች። እዚህ ላይ ካልሲ ማጣመሬን አቆምኩ። አክስቴ ትዝ አለችኝ፤ እሷስ ሲድሯት የምታስረክበው መጫወቻ እንኳ አልነበራትም። እዚያው አቴና ባል ውጭ ውጭ ቢል ማንም ቀና ብሎ አያየውም፤ ሚስት ግን አንድ ቀን ከተገኘባት ከቤት ትወጣለች። “እማ፣ ደብል ስታንዳርድ ይባላል” አለችኝ ልጄ። ይህን ለማወቅስ ዩኒቨርሲቲ መግባት አያስፈልግም። ወንድ ለወንድ ስላለው ፍቅር የጻፉ፣ የገጠሙም ነበሩ ስትለኝ አማተብኩ፤ እሷም እስካማትብ ጠብቃ ቀጠለች። እኔና ልጄ እንዲህ ነን። እኔ አማትባለሁ፣ እሷ ትቀጥላለች፣ ማናችንም ከክፍሉ አንወጣም።

የሮማዎቹ ነገር ግን ልቤን ነካው። አንድ ባል ብቻ አግብታ የኖረችን ሴት ያከብሯት ነበር አሉ፤ መቃብሯ ላይ ሳይቀር የአንድ ባል ሚስት መሆኗን ይጽፉላታል። ይህን ስሰማ ቀጥ ብዬ ተቀመጥኩ። ልጄ ግን አላስጨረሰችኝም፤ ባሏ የሞተባት ሴት በጊዜ ካላገባች ውርስ የሚያሳጣት ሕግም ወጥቶባት ነበር አለችኝ። ማን አወጣው ብላት፣ በሉቃስ ወንጌል ዓለም ሁሉ ይጻፍ ብሎ ያዘዘው ቄሳር ሆኖ አረፈው። በየገናው ስሙ ሲነበብ የምሰማው ሰውዬ። በአንድ እጃቸው ያመሰግኗታል፣ በሌላው ይቀጧታል።

“ምን ታድርግ ታዲያ?” አልኳት።

“ኤግዛክትሊ” አለች ልጄ።

ይህን ባወጋን ማግስት ጋሽ ንጉሤ ደወሉልኝ። ጋሽ ንጉሤ በእኛ አጥቢያ የተጣላ የሚያስታርቁ፣ ለሚፈላለጉ ደግሞ የሚላኩ ሽማግሌ ናቸው። “ቅዳሜ ለቁም ነገር እንመጣለን፤ ልጅሽ ከቤት እንዳትወጣ” አሉኝ። ከዚህ በላይ ምን ይነገረኛል? አንድ ጎረምሳ ልጄን አይቶ ሽማግሌ ልኳል ማለት ነው።

ለህሊና ስነግራት “እማ፣ ሲሪየስሊ? እኔን ሳይጠይቀኝ?” ብላ ተነሳች።

“አይዞሽ፣ የምመልሳቸው እኔ ነኝ። ደግሞም በመጀመሪያው ቀን እሺ አይባልም። ቢፈለግ እንኳ ‘ተመልሳችሁ ኑ’ ነው የሚባለው፤ ልጅ እንዳትቀል።”

“ላይክ አቴንስ” አለች፣ እንደተቆጣች።

ቅዳሜ ጋሽ ንጉሤና አቶ በላይ መጡ። ሦስተኛው ሽማግሌ ፓርኪንግ እየፈለጉ ነበር፤ እኛ ሰፈር ኢስት ዮርክ ቅዳሜ ቀን ፓርኪንግ ከማግኘት ባል ማግኘት ይቀላል። “ተቀመጡ እንጂ” ብላቸው እምቢ አሉ። ወጉ ነው፤ ጉዳያቸው ሳይሰማ አይቀመጡም። እኔም አፋቸውን ሳይከፍቱ ቀደምኳቸው።

“ጋሽ ንጉሤ፣ አክብራችሁን መምጣታችሁ ትልቅ ነገር ነው። ግን ልጄ ገና ትምህርቷን አልጨረሰችም። ሩዝ እንኳ ስትቀቅል ታሳርራለች። ጠዋት ለመቀስቀስ ራሱን የቻለ ሰው ይፈልጋል።”

“እማ” አለች ህሊና ከኋላዬ።

“ጥፋቱ የእኔ ነው፣ አቀማጥዬ አሳደግኋት” ብዬ ቀጠልኩ።

ጋሽ ንጉሤ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። “ልጅሽን እግዜር ያሳድግልሽ። እኛ ግን የመጣነው ለእሷ አይደለም። ወደ እሷ ነው።”

አልገባኝም። አቶ በላይ ጫማቸውን እያዩ “ተክሌ ነው የላከን” አሉ።

አቶ ተክሌን ላስተዋውቃችሁ። ሚስታቸው ካረፉ ቆይተዋል። ከቅዳሴ በኋላ መኪና የሌለንን ሴቶች በየቤታችን የሚያደርሱን እሳቸው ናቸው። ቤታቸው ሴንት ጄምስ ታውን ነው፤ እኔን ግን ሁልጊዜ መጨረሻ ነው የሚያወርዱኝ፣ ያውም የራሳቸውን ሕንፃ አልፈው። መንገዱ ስለሚመቻቸው መስሎኝ ነበር። እናንተ አሁን ቶሎ ገባችሁ አይደል? እኔ ግን ክረምቱን ሙሉ “እግዜር ይስጥልኝ” እያልኩ ስወርድ ከረምኩ።

“አባትሽ የሉ፣ ወንድም የለሽ። እናትሽ አገር ቤት ናቸው፤ ይህ ደግሞ በስልክ የሚነገር አይደለም” አሉ ጋሽ ንጉሤ። “እዚህ ያለሽ ዘመድ እሷ ናት። ማንን እንጠይቅ ታዲያ?”

ከዚያ ወደ ልጄ ዞሩ። ባርኔጣቸውን አውልቀው ደረታቸው ላይ ያዙና “እናትሽን ለወንድማችን ለተክሌ እንድትሰጭን ብለን ነው የመጣነው” አሏት። የቤቱ አባወራ ጉልበቱ የተቀደደ ጂንስ ለብሳ ቆማለች።

ህሊና “ኤክስኪዩዝ አስ” ብላ እጄን ይዛ ወደ ኩሽና አስገባችኝና በሩን ገፋ አደረገችው።

“አባዬስ?” አለችኝ። በአማርኛ ነው ያለችው። በእንግሊዝኛ ብትለው ይቀለኝ ነበር።

“አባትሽማ አባትሽ ነው። ጠዋት ስጸልይ ስሙን ሳላነሳ ከቤት ወጥቼ አላውቅም። አንቺ ካልወደድሽው አሁኑኑ እመልሳቸዋለሁ፤ ቅር አይለኝም።”

“እሱን አልጠየቅኩሽም። ትወጂዋለሽ?”

ይህን ሰው ጠይቆኝ አያውቅም። አባቷን ሳገባ ሽማግሌዎቹ ሳሎን፣ እኔ ጓዳ ነበርኩ፤ የሰማሁት ሲመራረቁ ነው። ፈጣሪ ይመስገን፣ ባሌ ደግ ሰው ወጣልኝ። ወደድሽው ወይ ያለኝ ግን አልነበረም፤ ስለዚህ መልሱንም አልተለማመድኩትም። የመጣልኝን ተናገርኩ።

“ሌሎቹ ወርደው ሁለታችን ብቻ ስንቀር መኪናው ውስጥ ዝም እንላለን። ዝምታው አይከብደኝም።”

ልጄ አየችኝ። ዐይኗ ሞላ። ከዚያ ከትከሻዬ የተንሸራተተውን ነጠላ አነሳችና አስተካከለችልኝ፤ ትንሽ ሳለች ትምህርት ቤት ስሸኛት የጃኬቷን ዚፕ እስከ አገጯ ድረስ እንደምዘጋላት። ቀድማኝም ወጣች።

ሽማግሌዎቹ እንደቆሙ ናቸው፤ ሦስተኛው ገና ፓርኪንግ ፍለጋ ላይ ናቸው። ህሊና ፊት ለፊታቸው ቆመች፤ አማርኛዋ እየተሰባበረ፣ እሷ ግን ቀጥ ብላ።

“ጋሽ ንጉሤ፣ ስለመጣችሁ እናመሰግናለን። እኛ እናስብበታለን። ተመልሳችሁ ኑ።”

አቶ በላይ ፊታቸው በራ። “ጨዋ ልጅ” አሉ፣ “እዚህ አገር አደገች ማን ይላል?”

እውነታቸውን ነው። ያስተማርኳትን ነው ያለችው፤ እናቷን አላቀለለችም። ልኮራባት ሲገባኝ ግን ከፋኝ። ለካ እሺ ትላለች ብዬ ጠብቄ ኖሯል። በዚህ ዕድሜዬ፣ ጸጉሬ ሸብቶ።

“እንግዲያው መቼ እንመለስ፣ ልጄ?” አሏት ጋሽ ንጉሤ።

ይህንን አላስተማርኳትም ነበርና ህሊና ወደ እኔ ዞረች። በወጉ ሙሽራ በዚህ ሰዓት ጓዳ ናት፤ ብትገኝም መሬት መሬት ታያለች እንጂ አትናገርም። በሳምንትም በወርም ቀኑን የሚቆርጡላት ሌሎች ናቸው።

“ነገ” አልኩ። “ከቅዳሴ በኋላ ቤት ነን።”

ጋሽ ንጉሤ ባርኔጣቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ። ልጄ ትከሻዋ እየተንቀጠቀጠ ወደ መስኮቱ ዞረች፤ ትሳቅ ታልቅስ አላወቅኩም፣ ሁለቱንም መሰለኝ። እኔም ምን ላድርግ? ከአፍ የወጣ ቃል አይመለስም። ሽማግሌ ግን ይመለሳል።